ሁለተኛው ወር

ባለፈው ሐሙስ፣ ናይሮቢ፣ ጊጊሪ በምሠራበት የእርዳታ ድርጅት ቢሮ ስብሰባ ላይ፣ አንድ ባልደረባችን ከቦርሳው አንዲት ትንሽ እሽግ አውጥቶ ጠረጴዛው ላይ ጣላት። ጥግዋን በመቀስ ቆረጠ፣ ጣቱ ላይ ጨመቅ አደረገና ላሰው። «ቅመሱት እንጂ፣ አሪፍ ነው!» አለ። ሽታው ክፍሉን ሞላው፤ የተቆላ ኦቾሎኒ፣ የዱቄት ወተት፣ ስኳር፣ ከሥሩ ደግሞ የቆየ ዘይት። ሁሉም ቀመሱ። እኔ ምራቄን ዋጥ አድርጌ ወረቀቴ ላይ አቀረቀርኩ።

የእኔ ሥራ መተርጎም ነው። የዚያን ዕለት ሥራዬ እሽጉን የሚቀበሉ እናቶች የሚያነቡትን ማስታወቂያ ወደ አማርኛ ማዞር ነበር። ሦስተኛው ዓረፍተ ነገር «ይህ ምግብ ለታመመው ሕፃን ብቻ ነው፤ ለሌሎች ልጆች አታካፍሉት» ይላል። ለዚህች እንኳ መዝገበ ቃላት አላስፈለገኝም። ዘጠኝ ዓመቴ ሳለ ተርጉሜያታለሁ።

ስብሰባው ሲያልቅ ያልተከፈተች አንዲት እሽግ ጠረጴዛው ላይ ቀርታ ነበር። ግራ ቀኝ አይቼ ቦርሳዬ ውስጥ ከተትኳት። ሃያ አምስት ዓመቴ ነው፣ ደመወዝተኛ ነኝ፣ ግን እንደ ሌባ ዚፑን ቶሎ ዘጋሁት።

ከመጀመሪያው ልንገራችሁ። እኔ ቀናተኛ ነኝ። ሰው ይህንን ስለራሱ አይናገርም፤ ችኩል ነኝ፣ ቁጡ ነኝ፣ እልኸኛ ነኝ ይላል እንጂ ቀናተኛ ነኝ የሚል ሰው አጋጥሞኝ አያውቅም። እስከ ስምንት ዓመቴ ድረስ ግን ደህና ልጅ ነበርኩ። የምቀናበት ሰው አልነበረማ! ካሳራኒ፣ ከቲካ መንገድ ገባ ብሎ፣ አራተኛ ፎቅ ላይ አንዲት ክፍል ነበረችን። አባቴ ሥራ ፍለጋ ወደ ደቡብ አፍሪካ ወርዶ ድምፁ ብቻ በስልክ አልፎ አልፎ ይመጣ ነበር። እናቴ ከተማ መሀል አንድ የሐበሻ ምግብ ቤት ወጥ ቤት ውስጥ ትሠራ ነበር። ማታ ስትመጣ ልብሷ ሽንኩርት ሽንኩርት ይላል፤ እኔም ያንን ሽታ ታቅፌ እተኛለሁ። አልጋዋም እሷም የኔ ነበሩ።

ከዚያ አባቴ አንድ ጊዜ ለገና መጥቶ ተመለሰ፤ እናቴ አረገዘች። እዚህ የሚያርሳት ዘመድ ስለሌላት እናቷ ቤት ልትወልድ ሞያሌ ሄደች። እኔን ትምህርቴ እንዳይቋረጥ ብላ ከፎቃችን ሥር አትክልት ለምትሸጠው ኬንያዊት ጎረቤታችን አደራ ሰጠችኝ። አራት ወር! ስዋሂሊን በአራት ወር እንደ ውኃ ጠጣሁት፤ የሚያናግረኝ ሌላ ሰው አልነበረም። እናቴ በአውቶቡስ ስትመለስ መንገድ ላይ ሮጬ ተጠመጠምኩባት። «ቀስ! ቀስ! ታፍኚዋለሽ!» አለችኝ። ከናፈቀችኝ እናቴ አፍ የወጣው የመጀመሪያ ቃል ይኸው ነው። ነጠላዋን ገለጥ ስታደርገው ማሙሽ እዚያ ነበር፤ በኔ ቦታ።

በነሐሴ፣ ናይሮቢ ፀሐይዋን የምትደብቅበት ወር ላይ፣ ማሙሽ ጉንፋን ይዞት ከሳ። ጎረቤታችን «ወደ መንግሥት ክሊኒክ ውሰጂው፣ እዚያ ለእናቶችና ለሕፃናት ምግብ ይሰጣሉ» አለቻት። እናቴ ስዋሂሊዋ የወጥ ቤት ስዋሂሊ ነበር፤ ቲማቲም፣ ቢላዋ፣ ቶሎ በይ። ስለዚህ እኔ ከትምህርት ቤት ቀርቼ አስተርጓሚ ሆንኩ።

ክሊኒኩ ዛሬም ያፍንጫዬ ጫፍ ላይ ነው። እርጥብ ሲሚንቶ፣ የወለል መወልወያ መድኃኒት፣ የሕፃናት ትውከት። እናቶች ረጅሙ አግዳሚ ላይ ተጠጋግተው ተቀምጠዋል። ሕፃናቱ ልብሳቸው ወልቆ፣ ከጣሪያ በወረደ ሚዛን ላይ በቁምጣ በሚመስል ጨርቅ እየተንጠለጠሉ በብርዱ ይጮኻሉ። እናቴ የማሙሽ ኪሎ በሰው ፊት ጮክ ተብሎ ሲጠራ አንገቷን ደፍታ «እንትፍ፣ እንትፍ» አለችበት። ልጅ እኮ በሰው ፊት አይመዘንም። እኔ አፈርኩ፤ አግዳሚው ላይ ያሉት ሴቶች ልጇ ላይ የተፋች መስሏቸው እርስ በርስ ተያዩ።

ነርሷ ሁሉም «ሲስተር» የሚሏት፣ ወፍራም፣ ሳቂታ ሴት ነበረች። የማሙሽን ዕድሜ ጠየቀችን። እናቴ ከጡቷ ሥር፣ በላስቲክ የተጠቀለለ የሞያሌ የክትባት ካርድ አወጣች። ሁሉም ነገር በአማርኛ ነው። ሲስተር ገለባበጠችውና ሳቀች፤ ወደኔ ገፋችው።

እኔ መቼም ደስ አለኝ። በዚያ ክፍል ውስጥ ያንን ካርድ ማንበብ የምችል፣ እንግሊዝኛም የማውቅ እኔ ብቻ ነበርኩ። የተወለደበት ቀን ዐሥራ ሁለት፣ በሁለተኛው ወር ይላል። ሰንበት ትምህርት ቤት የሚያስተምረን ዲያቆን የእኛን ዓመተ ምሕረት ወደ ፈረንጅ ለመቀየር ሰባት ወይም ስምንት መደመር እንዳለብን ነግሮናል። ማሙሽ ባለፈው ዓመት እንደተወለደ አውቃለሁና ሰባት ደመርኩ፤ ልክ መጣልኝ። በራሴ ኮራሁ።

«ወሩ ሁለት?» አለችኝ ሲስተር በእንግሊዝኛ። «ፌብሯሪ?»

ሁለተኛው ወር ፌብሯሪ መሆኑን ትምህርት ቤት በዜማ ተምረናል። «የስ» አልኩ።

አያችሁ? ዓመቱን ቀየርኩት፣ ወሩን እንዳለ ተውኩት። የእኛ ሁለተኛ ወር ጥቅምት ነው። ጥቅምት ደግሞ ኦክቶበር እንጂ ፌብሯሪ አይደለም። በአንዲት «የስ» ማሙሽ ስምንት ወር አረጀ። የዐሥር ወሩ ሕፃን የዐሥራ ስምንት ወር ሆነ።

«ይራመዳል?» አለች ሲስተር። አይራመድም፣ ገና ዳዴ ነው የሚለው አልኳት። ምላሷን በሐዘኔታ ጠቅ ጠቅ አደረገች። አዲስ የክትትል ቡክሌት ከፍታ፣ የልጅ ዕድገት መስመር ያለበት ገጽ ላይ ነጥብ አስቀመጠች፤ ነጥቧ ከመስመሩ ሥር፣ በጣም ሥር ዋለች። ከዚያ ክንዱን የምትለካበት የወረቀት ጥብጣብ አወጣች። አረንጓዴ፣ ቢጫ፣ ቀይ። «ውይ፣ የኛ ባንዲራ!» አለች እናቴ፤ ከገባን ጀምሮ ያኔ ብቻ ፈገግ አለች። የማሙሽ ክንድ ቢጫው ላይ ቆመ። የእናቴንም ክንድ ለኩት። እኔ ሳልጠየቅ እጅጌዬን ሰብስቤ ክንዴን ዘረጋሁ። ሲስተር ሳቀችና ጥብጣቡን ዞር አደረገችልኝ፤ አረንጓዴውን አልፎ ሄደ። «አንቺማ ትልቅ ነሽ» አለችኝ በስዋሂሊ። ደግ ቃል መሆኑ ነው።

ለማሙሽ በቀን ሁለት እሽግ ኦቾሎኒ ተሰጠው። ለእናቴ፣ የምታጠባና የከሳች ስለሆነች፣ አንድ ከረጢት አልሚ ዱቄት። «እሽጉ ለሕፃኑ ብቻ ነው፤ ለሌሎች ልጆች እንዳታካፍል ንገሪያት» አለችኝ ሲስተር። ክፍሉ ውስጥ ሌላ ልጅ የተባልኩት እኔ ብቻ ነበርኩ። ቃል በቃል ተረጎምኩላት።

ቤት ስንገባ እናቴ የመጀመሪያዋን እሽግ በሁለት መዳፏ መሀል ለረጅም ጊዜ አሸች። ዘይቱና ኦቾሎኒው እንዲዋሐድ እንዲያ አድርጊ ተብላለች። ከዚያ ጥግዋን በጥርሷ ቀደደች፤ ሽታው መጣ። ማሙሽ እግሩን አወራጨ። እኔ አልጋው ጫፍ ላይ ቁጭ ብዬ አፌን ከፍቼ አያለሁ።

«ዙሪ» አለችኝ።

«ምን?»

«ፊትሽን ወደ ግድግዳው አዙሪ። ልጅ ሲበላ ዓይን አይወድም።»

ይህ የኛ ሀገር ወግ ነው፣ አውቃለሁ። ሰው ሲመጣም በነጠላዋ ትጋርደው ነበር። እኔ ግን ሰው አልነበርኩም፣ ልጇ ነበርኩ! ግድግዳው ቀለሙ የተላጠበት፣ ዝሆን የሚመስል ቦታ ነበረው። በቀን ሁለት ጊዜ፣ ለሁለት ወር ያህል፣ ያንን ዝሆን እያየሁ ከጀርባዬ የማሙሽን አፍ እሰማለሁ፤ ጭምጭም፣ ጭምጭም። እናቴ «እሰይ፣ እሰይ የኔ ጌታ» ትለዋለች። ሞያሌ ውስጥ ዓይናቸው ክፉ ነው እየተባሉ በሹክሹክታ የሚታሙ ሰዎች ነበሩ። ከእነሱ ጋር የቆጠረችኝ መሰለኝ። እውነቱን ልናገርና፣ ከጊዜ በኋላ ዓይኔ እውነትም ክፉ ሆነ። በሞተ የሚል ሐሳብ መጥቶብኝ ያውቃል። ወዲያው ደንግጬ አማትቤያለሁ፤ ግን መጥቷል።

አንድ ቀን እናቴ ልብስ ልታሰጣ ጣሪያ ላይ ስትወጣ፣ ባዶዋን እሽግ ከቆሻሻ መጣያው አውጥቼ በጥፍሬ ሰነጠቅኳት። ውስጧን ላስኩት። እንዴት ይጣፍጥ ነበር! ጨው አለው፣ ስኳር አለው፣ ላንቃ ላይ ይጣበቃል። ይሄን ሁሉ ለዚያ ጥርስ ለሌለው! አልኩ በልቤ። ከንፈሬን ደጋግሜ አጠብኩ፤ እናቴ ስትገባ ግን ሽታው ከአፌ አልጠፋም መሰለኝ፣ ትኩር ብላ አየችኝ።

ስለ ዱቄቱም ልንገራችሁ። እናቴ ሁልጊዜ ጠዋት፣ ወደ ሥራ ሳትሄድ፣ ከዚያ ዱቄት እዚህ አገር ኡጂ የሚሉትን ገንፎ መሰል ቀጭን መጠጥ ትሠራና በሰማያዊ የላስቲክ ኩባያ ለኔ ትሰጠኝ ነበር። የመጀመሪያ ቀን «ላንቺ አይደል የተሰጠው?» አልኳት።

«እኔ ጠጥቻለሁ።»

«መቼ?»

«አንቺ ተኝተሽ። ጠጪ አሁን፣ ይረፍድብሻል።»

አመንኳት፤ ማመኑ ስለተመቸኝ። ኡጂውን ግን እየተነጫነጭኩ ነበር የምጠጣው። በቆሎ በቆሎ ይላል፤ እሽግ ውስጥ አይመጣም፤ ማንም ሰው እሱን ስጠጣ ፊቱን ወደ ግድግዳ አያዞርም።

ጥቅምት ገባ። አንድ ማታ እናቴ ማሙሽን እያስተኛች «የዛሬ ሳምንት ዓመቱን ይደፍናል፣ ጥቅምት ዐሥራ ሁለት» አለች። «አሠሪዬ ዳቦ እጋግርለታለሁ ብላለች።» መጀመሪያ የቀናሁት በዳቦው ነው። ከዚያ በጣቶቼ መቁጠር ጀመርኩ። ዓመቱን ይደፍናል? ክሊኒክ ቡክሌቱ ላይ ግን ሃያ ወር ነው ተብሎ ተጽፏል። ጣቶቼን እንደገና ቆጠርኩ። ቀን ትምህርት ቤት ሰሌዳው ላይ አስተማሪያችን «ኦክቶበር» ብሎ መጻፉ ትዝ አለኝ። ተገለጠልኝ።

ለማንም አልተናገርኩም። ሦስት ቀን ሙሉ እንደ ከረሜላ አፌ ውስጥ አገላበጥኩት። ማሙሽ ወደ ኋላ የቀረ ልጅ አልነበረም፤ እንደ ማንኛውም የዓመት ልጅ ነበር። ኦቾሎኒው የመጣው ከኔ አፍ ነው። ካንዲት «የስ»። የሰጠሁት እኔ ከሆንኩ መውሰድም እችላለሁ።

በቀጠሮው ቀን ሄድን። ማሙሽ ወፍሯል። ክንዱ ላይ ጥብጣቡ አረንጓዴው ላይ ዋለ። ሲስተር ግን ቡክሌቱ ላይ ያለውን መስመር አየችና ራሷን ነቀነቀች፤ ለሃያ ወር ልጅ ኪሎው አሁንም ዝቅተኛ ነው፣ ደግሞም አይራመድም። «በቀን ሦስት እናድርግለት» አለች። «ለእናትሽ ንገሪያት።»

ሦስት! በቀን ሦስት ጊዜ ዝሆኑን ላየው ነው። አልተረጎምኩም። «ሲስተር» አልኳት በእንግሊዝኛ፣ «ፌብሯሪ አይደለም። ተሳስቼ ነው። በኛ አቆጣጠር ሁለተኛ ወር ኦክቶበር ነው። በሚቀጥለው ሳምንት ነው አንድ ዓመት የሚሞላው።»

እናቴ የማሙሽን ሱሪ ቁልፍ እየቆለፈች ነበር። እጇ ለአፍታ ቆመ፤ ከዚያ ቀጠለ።

ሲስተር እስክሪብቶዋን አስቀምጣ አየችኝ። በጣቷ ቆጠረች። አዲስ ነጥብ አደረገች፤ ነጥቧ መስመሩ ላይ ቁጭ አለች። ከዚያ ሳቀች፤ ከልቧ፣ ሆዷ እየተንቀጠቀጠ። «ማማ! ምቶቶ ዩኮ ሳዋ!» አለች እናቴን ትከሻዋን እየመታች። ልጅሽ ደህና ነው ማለቷ ነው። ይህንን እናቴም ታውቀዋለች። ቢሆንም ወደኔ ዞራ «ምን አለች?» አለችኝ።

«ደህና ነው አለች። ዕድሜውን ተሳስቼ ነበር… እኔ ነኝ፣ ወሩን።»

«እግዚአብሔር ይመስገን» አለች እናቴ። ቀጥላ፣ ቀስ ብላ፣ «ዱቄቱስ?» አለችኝ።

ጠየቅሁላት። ሲስተር ፊቷ ከበድ አለ። ልጁ ከዝርዝሩ ከወጣ እናትየዋም አብራ ትወጣለች፤ ተራ የሚጠብቁ ብዙ ናቸው። «ፖሌ፣ ማማ» አለቻት፣ አዝናለሁ። እናቴ እጅ ነስታ አመሰገነች። የሚሰጠንን የምንቀበልበትን ካርድ በሁለት እጇ መለሰች።

ከአፍ የወጣ አፋፍ ይላሉ። በማታቱ፣ በዚህ አገር ሚኒባስ፣ ስንመለስ ሙዚቃው ወንበሩን ያንቀጠቅጠዋል፣ ረዳቱ የበሩን ጣሪያ ይደበድባል። እናቴ በመስኮት ታያለች። ትቆጣኛለች ብዬ ብጠብቅ፣ ብጠብቅ፣ ምንም የለም። ያሸነፍኩ መስሎኝ ነበር።

በማግስቱ ጠዋት ሰማያዊው ኩባያ መደርደሪያው ላይ ተደፍቶ አየሁት። እናቴ ሻይ በትናንትና ዳቦ ሰጠችኝ። «ኡጂው?» አልኳት። «አለቀ» አለች። በዚያው ወር የዕረፍት ቀኗን ሩንዳ በሚባል የሀብታም ሰፈር አንድ ሐበሻ ቤተሰብ ዘንድ ልብስ ማጠብ ጀመረች፤ ሳይነጋ ወጥታ ሁለት ማታቱ ትቀያይራለች። የዕረፍት ቀኗ የኔ ቀን ነበር። ማሙሽን የምይዘው እኔ ሆንኩ። የተቀቀለ ድንች በዘይት ፈጭቼ ሳጎርሰው ይተፋዋል። እጄን ይዞ ያገላብጣል፤ እሽጓን ይፈልጋል። መዳፌ ውስጥ ምንም እንደሌለ ሲያይ ያለቅሳል።

እንግዲህ የምቀናበት ነገር አልቆ ነበር። አንድ ቀን እያጎረስኩት ጎረቤታችን በሩን ከፍታ ገባች። ሳላስበው ጀርባዬን ሰጥቻት ማሙሽን በክንዴ ጋረድኩት። ምን እንዳደረግሁ ያወቅኩት ከሄደች በኋላ ነው።

ዛሬ ማሙሽ ከኔ በሁለት ጭንቅላት ይበልጣል። ቅርጫት ኳስ ይጫወታል። «ሲስ፣ ዩ አር ሶ ሾርት፣ ፖሌ ሳና» ይለኛል፤ አማርኛው እናቴ ፊት ብቻ ነው የሚገኘው። እስካሁን ወጥ ሲወጣ መጀመሪያ የሚወጣለት ለሱ ነው፤ እስካሁን አያለሁ፣ እስካሁን ይቆጠቁጠኛል። ዓመል ነው መቼም።

ያን ሐሙስ ቤት ስገባ እሱ ልምምድ ላይ ነበር። እናቴ ሶፋው ላይ፣ እግሯን ትራስ ላይ አድርጋ ተቀምጣለች። እሽጓን ከቦርሳዬ አውጥቼ ጭኗ ላይ አስቀመጥኩላት። አየቻትና በሁለት መዳፏ መሀል ማሸት ጀመረች። እጇ አልረሳም።

«ኦቾሎኒው!» አለች። «ታውቂያለሽ፣ እኔ እኮ ቀምሼው አላውቅም።»

«አንድ ቀን እንኳ?»

«የሱ ነበራ።»

ዐሥራ ስድስት ዓመት ሆዴ ውስጥ የያዝኩት ነገር ያኔ ወጣ። «እማዬ፣ ያን ቀን ክሊኒክ… ለሲስተር የነገርኳት እኔ ነኝ። ሆን ብዬ ነው።»

«ኦክቶበር ስትያት ሰምቻለሁ» አለች፣ ማሸቷን ሳታቆም። «ፌብሯሪ ብለው እንደጻፉትማ ከሁለተኛው ቀጠሮ ጀምሮ አውቄያለሁ። ምግብ ቤት ካላንደር ነበረን፤ አሠሪዬን ጠየቅኳት።»

«ታዲያ ለምን ዝም አልሽ?»

እንደ ሞኝ አየችኝ። «ጠዋት ጠዋት ኡጂ ትጠጪ አልነበር?»

ማልቀስ ጀመርኩ። እሷ አላለቀሰችም። «ተይ፣ ተይ» አለች። «ልጅ ነበርሽ፣ ቀናሽ። ፊትሽን ወደ ግድግዳ ያዞርኩት እኔ አይደለሁ?»

ጥግዋን በጥርሷ ቀደደች፤ እንደ ድሮው። ሽታው መጣ። ትንሽ ጨመቅ አድርጋ አፏ ውስጥ ከተተች። እኔ፣ ማንም ሳያዘኝ፣ እግሬን ሰብስቤ ወደ ግድግዳው ዞርኩ። ነጭ፣ አዲስ የተቀባ ግድግዳ ነው፤ ዝሆን የለውም። ከጀርባዬ አፏ ሲጣበቅ፣ ሲላቀቅ ይሰማኛል።

«ዙሪ» አለችኝ። «እዪኝ።»